የጥቅሉ ጭራ

የፊልም አቀናባሪን መልክ የሚያውቅ ተመልካች የለም። ተዋናዩ በመንገድ ሲያልፍ ይጠቆምበታል፤ ዜና አንባቢዋ ገበያ ስትወጣ ሰላምታ ይበዛባታል፤ ካሜራማኑም ቢሆን መሣሪያውን ተሸክሞ በየአደባባዩ ስለሚቆም ሕፃናት ይከተሉታል። አቀናባሪው ግን በተጋረደ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ ሌሎች ያዩትን ያያል፣ ሌሎች የተናገሩትን ይሰማል፤ ከዚያም የሚቀረውን አስቀርቶ የሚጣለውን ይጥላል። ሥራው ያማረ እንደ ሆነ መኖሩን ማንም ልብ አይልም። የሚታወሰው ሲሳሳት ብቻ ነው።

በቴሌቪዥን ጣቢያው ውስጥ ሁሉም «እትዬ መቀስ» የሚላት ሴት ዕድሜዋን በዚህ ሥራ ፈጅታለች። ስሙን ያወጣላት ነገረኛው የድምፅ ባለሙያ ነበር። ያን ጊዜ ጸጉሯ እንደ ከሰል የጠቆረ ነበርና ስሙ ሲጠራ ትቆጣ ነበር። አሁን ጸጉሯም ነጥቷል፤ ቁጣውም በርዶ ስሙ እንደ ማዕረግ ተቆጥሮላታል።

ጡረታ የምትወጣበት ወር ሲቃረብ የመጨረሻ ሥራ ተሰጣት። ጣቢያው የምሥረታ መታሰቢያውን ሊያከብር ስለ ነበር ከድሮዎቹ ጥቅል ፊልሞች የተውጣጣ አንድ ዝግጅት አስፈለገው። የክፍሉ ኃላፊ ወጣት ነው፤ እሷ የመጀመሪያ ፊልሟን ስትቆርጥ እናቱ ገና አላገባችም ነበር። ወደ አሮጌው ክፍል ራሱ መጥቶ፣ እነዚያ ጥቅሎች የሚታዘዙት ለእርስዎ እጅ ብቻ ነው ሲል በትሕትና ለመናት። እሷም እሺ አለች። ሊወጣ በሩን ከያዘ በኋላ ግን እንደ ዘበት አንድ ነገር ጨመረ፤ የቀድሞ ሠራተኞች ሁሉ ተጠርተዋል፣ በየቅርንጫፉ የነበሩትም ሳይቀሩ ይመጣሉ አላት።

«ዝምቴ የሚባለውም ካሜራማን ይመጣል» አለ። «ያውቁታል?»

እትዬ መቀስ በነጭ ጓንቷ የያዘችውን የፊልም ቁራጭ ወደ መብራቱ አነሣች፤ የምታየው ግን አልነበረም። እንደምታውቀው ነገረችው። ወጣቱም በሩን ዘግቶ ወጣ። 

*

ወደዚያ ክፍል የገባችው ገና በአፍላነቷ ነው። አባቷ ዳኛ ነበሩ፤ ቃላቸው በቤታቸውም እንደ ችሎቱ ነበር፣ ለዚያውም ይግባኝ የሌለበት ችሎት። ልጃቸው በቴሌቪዥን ላይ እንድትታይ ስላልፈቀዱ ከማትታይበት ክፍል ተመደበች። ሥራ ሲያበቃም ራሳቸው መኪና እየነዱ መጥተው ይወስዷት ነበር።

የጣቢያው በር ባለ ሁለት ክንፍ የብረት በር ነበር። የዳኛው መኪና ሲገባም ሲወጣም ዘበኛው ከጎጇቸው ብድግ ብለው አንዱን ክንፍ ይከፍታሉ፤ ልጃቸው በአቅራቢያው ካለ ደግሞ ሌላውን ይይዝላቸዋል። ዳኛው የተከፈተውን በር እንጂ የከፋቾቹን ፊት አይተው አያውቁም። ከኋላ ወንበር የተቀመጠችው ልጃቸው ግን በጎን መስተዋቱ ታይ ነበር፤ የዘበኛው ልጅ መኪናው በፊቱ ሲያልፍ መሬት መሬቱን ይመለከትና፣ ካለፈ በኋላ ቀና ብሎ እስኪታጠፍ ድረስ በዓይኑ ይሸኘዋል።

ይህ የዘበኛ ልጅ በጣቢያው ካሜራማን ነበር። ስም አውጪው እዚህም አላረፈም፤ ዝምቴ አለው። የድምፅ ባለሙያው ራሱ ደግሞ ጆሮ ይባል ነበር፤ ወሬ ስለማያመልጠው ነው። ጆሮና ዝምቴ ለሥራ የሚወጡት አብረው ነው፤ አንዱ የሁለት ሰው ይናገራል፣ ሌላው የሁለት ሰው ዝም ይላል። «ዛሬ ዝምቴ እንደምን አደራችሁ ብሏል» ይል ነበር ጆሮ በቢሮው እየዞረ፤ «ዣንጥላ ያልያዛችሁ ወዮላችሁ።»

የአቀናባሪነትን ሥራ ያስተማሯት ሽማግሌ በመጀመሪያው ሳምንት ሁለት ቁራጭ ፊልም ሰጥተዋት ነበር። በአንዱ ላይ አተኩሮ የሚመለከት የአንድ ሰው ፊት አለ፤ በሌላው ላይ የተዘጋ በር። «ፊቱን አስቀድመሽ በሩን ብታስከትዪ» አሏት፣ «ሰውዬው እንግዳ ይጠብቃል። በሩን አስቀድመሽ ፊቱን ብታስከትዪ፣ የሚወደው ሰው ጥሎት ወጥቷል። ፊቱ ያው ፊት ነው፤ በሩም ያው በር። የተለወጠው ማን እንደ ቀደመ ብቻ ነው። ሥራችን ይኸው ነው ልጄ፤ ሌላው ሁሉ ማጣበቂያ ነው።»

ሌላም ሕግ ነበራቸው። ፊልሙ የሕዝብ ስለሆነ አቀናባሪ የራሱን ሆድ፣ የግል ስሜቱን፣ አይቀጥልበትም። ጭራ ደግሞ ይጣላል።

ጭራ የሚሉት የጥቅሉን መጨረሻ ነው። ካሜራማኑ የሚፈለገውን አንሥቶ ሲጨርስ በካሜራው ውስጥ ጥቂት ፊልም ይተርፈዋል። ያ ትራፊ ለሌላ ቀን ስለማይሆን በፊቱ ባገኘው ነገር ላይ ያስጨርሰዋል፤ በግድግዳ፣ በሰማይ፣ በገዛ ጫማው ላይ። አቀናባሪውም ሳያየው ቆርጦ በጨርቅ ከተለበጠው ቅርጫት ይጥለዋል።

የዝምቴ ጭራዎች ግን የሌሎቹን አይመስሉም ነበር። በአንዱ ላይ በነፋስ ተነፍቶ ሊበር የሚታገል ነጭ አንሶላ አየች። በሌላው ላይ የገዛ ጥላው ከካሜራው ሦስት እግር ጎን በአሸዋ ላይ ተጋድሞ ነበር፤ አራተኛ እግር ሊሆንለት የሚፈልግ ይመስል። አንድ ጊዜ ዝናብ ባቆረው ውኃ ውስጥ ተገልብጦ የቆመ የመብራት ምሰሶ ላከ። አንድ ጊዜ ደግሞ ልቧን ቀጥ ያደረገ ነገር መጣ፤ ከመንገዱ ማዶ ሆኖ ያነሣው የአቀናባሪዎቹ ክፍል መስኮት ነበር፤ መጋረጃው ተጋርዶ በቀዳዳው ቀጭን ብርሃን ይወጣ ነበር። ብርሃኑ የእሷ ጠረጴዛ መብራት ነው።

እጇ መጣል እምቢ አላት። እየቀጠለች በአንድ ቆርቆሮ ውስጥ አኖረቻቸው፤ ቆርቆሮውንም ከመደርደሪያው ጀርባ ሸሸገችው። ለእሷ የተላኩ መሆናቸውን ለማመን ግን አልደፈረችም። ጭራ የሌለው ካሜራማን የለም፤ ትራፊ ፊልም የትም ይፈሳል። ይህ ለእኔ ነውን ብሎ መጠየቅስ እንዴት ይቻላል? ስለዚህ በማግስቱ በኮሪደሩ ሲገናኙ «ጥቅልህ ደርሶኛል» ትለዋለች፤ እሱም «እሺ» ይላል። የፍቅር ንግግራቸው በሙሉ ይህ ነበር። ጆሮም ታዝቦ፣ እነዚህ ሁለቱ ቢጋቡ መሐላውን የሚፈጽሙት በምልክት ነው እያለ ያስቅባቸው ነበር። እሷም ፊቷ ደም መስሎ ወደ ክፍሏ ትሸሻለች፤ በሩን ዘግታም ብቻዋን ፈገግ ትላለች።

*

ነገሩ የተበላሸው በድልድዩ ምረቃ ነው።

አንድ ትልቅ ባለሥልጣን ንግግር አድርገው ነበርና ፊልሙ ታጥቦ በማግስቱ ጠዋት ደረሳት፤ ለቀትር ዜና መድረስ ነበረበት። ጥቅሉን በጠረጴዛው ላይ ዘርግታ እየሄደች ሳለ ንግግሩ ሳያልቅ ምስሉ ተቋረጠ። ተናጋሪው ከሰገነቱ ጠፉ፤ በቦታቸው ግራጫ ነገር ብቅ አለ። በዚያች ቅጽበት የያኔው የክፍሉ ኃላፊ በሩን በርግዶ ገባ፤ ከኋላው ጆሮ የድምፁን የቴፕ ክር ይዞ ተከተለው። ኃላፊው ከበላይ ስልክ ተደውሎለት ፊቱ ጠቁሯል። የመጨረሻዋ ዐረፍተ ነገር ከነመልካቸው ትፈለጋለች፤ ወዴት ገባች? ፊልም አልቆበት ከሆነ ይቅር የሚባል ነው፤ በካሜራማን የሚያጋጥም ነገር ነው። እውነት ፊልም አልቆበት ነው?

እትዬ መቀስ በመለኪያው ላይ የቀረውን ፊልም አየች። የዳኛ ልጅ ናት፤ ለተጠየቀችው ነገር ልክ የሆነውን መልስ መስጠት ከሕፃንነቷ ጀምሮ የለመደችው ኩራቷ ነው።

«አላለቀበትም» አለች። «የሚበቃ ፊልም ነበረው። ካሜራውን ቀድሞ አንሥቶት ነው።»

ከአፍ የወጣ አፋፍ ነው። ኃላፊው መልሱን ይዞ ወጣ፤ ጆሮም ተከተለው። እሷም ወደ ጠረጴዛዋ ተመልሳ ያ ግራጫ ነገር ምን እንደ ሆነ ለማየት ፊልሙን ወደፊት አስኬደችው።

ግራጫው ነገር በወንዙ ዳር ያለ ረጅም ድንጋይ ነበር። ሕዝቡ ሁሉ ፊቱን ወደ ሰገነቱ በመለሰበት ሰዓት ዝምቴ ካሜራውን ወደ ወንዙ አዙሮ ተክሎት፣ ከኋላው ወጥቶ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በራሱ ሌንስ ፊት መጣ። በድንጋዩ ላይ ተቀመጠ። ባርኔጣውን አውልቆ በጎኑ ባለው ባዶ ቦታ አኖረው፤ ሰው በአዳራሽ ውስጥ ለሚመጣ ወዳጁ ወንበር እንደሚይዝ። ሰዎች በፊቱ ሲያልፉ ባርኔጣውን በእጁ ይሸፍነዋል። ከዚያም ቀና ብሎ ሌንሱን ተመለከተ፤ ያም ማለት እሷን ተመለከተ። የምትጠበቀው እንደ ደረሰች ሁሉ ባርኔጣውን ቀስ አድርጎ አነሣው። ቦታው ባዶ ሆኖ ታየ። ፊልሙ አለቀ።

ከእንግዲህ መጠራጠር አልተቻለም። ደስታዋና ድንጋጤዋ በአንድ ጊዜ መጡ፤ ድንጋጤው ግን ቀድሞ ደረሰ። እየሮጠች ወደ ኃላፊው ቢሮ ስትደርስ ውሳኔው ተጽፏል። የመጨረሻዋን ዐረፍተ ነገር ከሌላ ዝግጅት በተወሰዱ የሚያጨበጭቡ እጆች ሸፍና ለቀትሩ ዜና አደረሰችው፤ ከተመልካቹ ማንም አላወቀም፤ የተቆረጠውን የድንጋዩን ቁራጭ ግን ከቆርቆሮዋ ጨመረችው።

ዝምቴ በዚያው ሳምንት ወደ ሩቅ ቅርንጫፍ ተላከ። የሄደ ዕለት የአባቷ መኪና እሷን ይዞ ሊወጣ እንደ ወትሮው ከበሩ ደረሰ። ዘበኛው ከጎጇቸው ወጥተው አንዱን ክንፍ ከፈቱ፤ ከዚያም እያዘገሙ ተሻግረው ሌላውንም ራሳቸው ከፈቱት። ከኋላ ወንበር የተቀመጠችው ልጅ በጎን መስተዋቱ ብትመለከት የታያት መንገድ ብቻ ነበር።

*

ደብዳቤ ጽፋ ቀደደች። ደግማ ጻፈች፤ ደግማ ቀደደች። ማን እንደ ተናገረበት ሳያውቅ ይሆናል እያለች ተጽናናች፤ አውቆ ይሆናል እያለች ተሸበረች። ከቅርንጫፉ ጥቅሎች ይመጡ ነበር፤ እጁ የእሱ መሆኑ ከመጀመሪያው ምስል ይታወቃል። ጥቅሎቹ ግን ጭራ አልነበራቸውም። ሥራው በሚያልቅበት ላይ እንደ ተዘጋ በር ቀጥ ይላሉ። ከዚህ የበለጠ ምን ደብዳቤ አለ? ሆድ ይፍጀው አለች።

እሱ በሄደበት ማግባቱን ሰማች፤ ከዓመታት በኋላም ሚስቱ መሞቷን። እሷን የጠየቁ ባለማዕረጎች አልጠፉም፤ አንዱንም ሳትቀበል የታመሙ አባቷን ስታስታምም ወጣትነቷ አለፈ። ዳኛው ከመሞታቸው በፊት አንድ ቀን ድንገት፣ ያ በሩን የሚከፍተው ልጅ የት ደረሰ ብለው ጠየቋት። ፊቱን አይተውት ኖሯል። ሩቅ አገር መሄዱን ነገረቻቸው። እሳቸውም ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ ፍርድ ይሁን ጸጸት እስከ ዛሬ አልለየላትም።

እንግዲህ ይህ ሁሉ ካለፈ በኋላ ነው፣ ለመታሰቢያው ዝግጅት የድልድዩን ጥቅል ዳግመኛ በጠረጴዛዋ ላይ ያገኘችው። ድምፁን ከግምጃ ቤት ፈልጎ ያመጣላት ያው ጆሮ ነበር። አሁን ወፍሯል፤ ደረጃ ሲወጣ ያለከልካል፤ መስማትም እየተሳነው ነው።

«ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው አሉ» አላት ወንበር ስቦ እየተቀመጠ። «የኔውስ ጨርሶ ካደኝ። ጮክ በይ።»

ስለ ዝምቴ ሳትጠይቀው ጀመረላት። ዝምቴ ነገ ይገባል፤ ዝግጅቱን አይቶ በማግስቱ ጠዋት ይሄዳል። ልጁ በወደብ ከተማ ተድራ ትኖራለችና ከእንግዲህ መኖሪያው እሷ ዘንድ ነው፤ ጠቅልሎ መሄዱ ነው። ያችን አሮጌ ካሜራ ጣቢያው ሲጥላት ለራሱ አስቀርቷታል። አሁንም በአውቶቡስ ሲሄድ ለካሜራዋ ብሎ ሁለተኛ ወንበር ይይዛል፤ ረዳቶቹ ይስቁበታል፤ ዝምቴም ከጎኔ ሰው አለ ብሎ ዝም ይላል። ጆሮ ይህን ሲያወራ ሆዱ እስኪነቃነቅ ሳቀ።

«በድልድዩ ነገር ተቀይሞኝ ይሆን?» አለችው ድንገት።

ጆሮ መጀመሪያ ያልሰማት መሰላት። ቆይቶ ግን ሳቁን ዋጠ።

«እኔ ነኝ የነገርኩት» አለ። «መኪና ላይ ሆነን ወደ ቅርንጫፉ ስሸኘው። አንቺው ራስሽ እንደ ተናገርሽ፣ እኔም እዚያው ቆሜ እንደ ሰማሁ። ይጨቃጨቃል፣ ይራገማል ብዬ ነበር። ምን እንዳለኝ ታውቂያለሽ? 'አይታዋለች ማለት ነው' አለኝ። 'አይታ መለሰችልኝ፤ ቁርጥ ያለ መልስ ነው፣ ደግ አደረገች' አለና መንገዱን ሙሉ ቃል አልወጣውም። ምኑን እንዳየሽ እኔ እስከ ዛሬም አላውቅም። አንቺ ታውቂያለሽ?»

እትዬ መቀስ ዓይኗን ወደ ጥቅሉ መለሰች። የሽማግሌው መምህሯ ሁለት ቁራጮች በዓይኗ ፊት ቆሙ፤ ፊቱና በሩ። ዝምቴ የእሷን ሁለት ነገሮች፣ ማየቷንና መናገሯን፣ አገላብጦ ቀጥሏቸው ኖሯል። እሱ እንደሚያውቀው አስቀድማ ባርኔጣውን አየች፤ ከዚያ ለኃላፊው ተናገረችበት። ቅደም ተከተሉ እንደዚያ ከሆነ ነገሩ የቀዘቀዘ እምቢታ ነው፤ ጨካኝ እምቢታ ነው። ያን እምቢታ ደግ አደረገች ብሎ ተቀብሎ፣ ያለ ቂም፣ ያለ ጭራ ኖረበት። እሷ ደግሞ ሙያዋ ማን እንደሚቀድም ማወቅ ሆኖ ሳለ ይህን አንድ ስፌት ሳታየው ቀረች። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ ለእሷ ግን የጠራላት ቀኑ ሊመሽ ሲል ሆነ።

*

ስልክ መደወል ይቻል ነበር፤ በጆሮ አፍ መላክም ይቻል ነበር። ነገር ግን በምስል ለጠየቀ ሰው መልሱ በምስል ሊሰጠው ይገባል ብላ ቆረጠች። ከመደርደሪያው ጀርባ ቆርቆሮውን አወጣች። ክዳኑ ዝጎ አልከፈት ብሎ ታገላት። ውስጡ ያለው ፊልም ግን እንደ ተኛ ሕፃን ተጠቅልሎ ደኅና ነበር።

የአቀናባሪ የራሱ ሆድ በሕዝብ ፊልም ላይ አይቀጠልም። ይህን ሕግ በሥራ ዘመኗ ሁሉ አንድ ቀንም አልጣሰችውም። ጓንቷን አጥልቃ፣ የሰም እርሳሷን ይዛ፣ ከጠረጴዛው ፊት ረጅም ጊዜ ቆመች። ከዚያም የሚያጨበጭቡትን የሐሰት እጆች ከድልድዩ ንግግር ላይ አነሣች፤ በቦታቸውም ድንጋዩንና ባርኔጣውን መለሰች። ንግግሩ ሲያልቅ ደግሞ የቀሩትን የቆርቆሮውን ምስሎች አንድ በአንድ አስከተለች። 

ወጣቱ ኃላፊ ሥራውን አስቀድሞ ሲመለከት ከዚያ ስፍራ ላይ አስቆማት። ይህ በድንጋይ ላይ የተቀመጠ ጎልማሳ ማን ነው? በንግግሩ መካከልስ ምን ይሠራል?

«ያን ጊዜ ሸፍኜው ነበር» አለችው። «በፊልሙ ላይ የነበረው ይኸው ነው። አሁን ወደ ቦታው መለስኩት።»

ወጣቱ ምስሉንም እሷንም ተራ በተራ ተመለከተ። እርስዎ ካሉ ይሁን ብሎ ወጣ። አካሄዱም የተኛን ሰው ላለመቀስቀስ እንደሚራመድ ሰው ሆነ።

*

ዝግጅቱ የታየው ከቀትር በኋላ በጣቢያው አሮጌ አዳራሽ ነበር። እትዬ መቀስ እንደ ልማዷ ከኋላ ከግድግዳው ተጠግታ ቆመች። ሠርታ ያስረከበችውን ፊልም ተቀምጣ አይታ አታውቅም፤ የተመልካቹን ማጅራት እያየች የት ላይ እንደ ሳቀ፣ የት ላይ እንደ ተሰላቸ ማወቅ ሥራዋ ነው። ዛሬ ግን የምታየው አንድ ማጅራት ብቻ ነበር። ከመካከለኛው ረድፍ፣ ዳር ከተቀመጠው ከጆሮ አጠገብ፣ ሽበት የወረሰው፣ ትንሽ የጎበጠ። ባርኔጣውን በጉልበቱ ላይ አኑሯል። የፊቱን ግማሽ እንኳ ሳታይ አወቀችው፤ ዝምታው እንኳ ከኋላ ያስታውቃል።

መብራቱ ጠፋ። የድሮ ዜናዎች፣ የድሮ መዝሙሮች፣ የሞቱ አንባቢዎች ድምፅ በየተራ አለፉ። አሮጌዎቹ ሠራተኞች ራሳቸውን በወጣትነታቸው እያዩ ይሳሳቁ ነበር። ከዚያ ድልድዩ መጣ።

ተናጋሪው በሰገነቱ ላይ ታዩ። ድምፃቸው ሳይቋረጥ ምስላቸው ተነሣ፤ ግራጫው ድንጋይ ገባ። አንድ ቀጭን ጎልማሳ መጥቶ ተቀመጠ። አዳራሹ ለጥቂት ጊዜ ግራ ተጋባ፤ ቀጥሎ ከፊት ረድፍ አንዱ፣ ዝምቴ አይደለም እንዴ ይህ ብሎ ሳቀ፤ ሳቁም ተዛመተ። ባርኔጣው በባዶው ቦታ ሲቀመጥ ሳቁ ቀነሰ። ጎልማሳው ቀና ብሎ ሲያይ ጨርሶ ቆመ። ባርኔጣው ሲነሣ በአዳራሹ ውስጥ የሚያስል እንኳ አልነበረም።

ከዚያ አንሶላው በነፋስ ተነፋ። ጥላው በአሸዋ ላይ ተጋደመ። ምሰሶው በውኃ ውስጥ ተገልብጦ ቆመ። በመጨረሻም የተጋረደው መስኮት መጣ፤ ቀጭኗ ብርሃን ከእነ ወጣትነቷ በሸራው ላይ በራች። እትዬ መቀስ ያን ብርሃን ስታይ የዚያን ዘመን የሙጫ ሽታ፣ የኮሪደሩን ቅዝቃዜ፣ «እሺ» የሚለውን አጭር ድምፅ በአንድ ላይ ሰማችው፣ አሸተተችው።

ጆሮ ዘወር ብሎ ጎረቤቱን አየ። ከዚያ አንገቱን መልሶ ከኋላ የቆመችውን አየ። ምኑን እንዳየች የገባው አሁን ነው። በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ አንዲት ቃል ሳይተነፍስ ከወንበሩ ተነሥቶ በጨለማው ውስጥ ወጣ።

እሷም ከግድግዳው ተላቀቀች። መንገዱ አጭር ነው፤ ድልድዩን በሙሉ የምትሻገር ያህል ግን ረዘመባት። ደርሳ በባዶው ወንበር ተቀመጠች። ወንበሩ ከጆሮ ገላ የተነሣ ገና ሙቅ ነበር። ዝምቴ ፊቱን ሳያዞር ተናገረ።

«አልጣልሻቸውም» አለ።

«አልጣልኳቸውም።» ወደ እሱ ጠጋ አለች። «ስማኝ፤ ባርኔጣውን ያየሁት ከተናገርኩ በኋላ ነው። ኃላፊው ሲጠይቀኝ ጥቅሉ ገና ጠረጴዛ ላይ ነበር። አስቀድሜ ተናገርኩ፤ ከዚያ አየሁ። ቅደም ተከተሉ እንዲህ ነው።»

  በፊቱ ላይ በሚመላለሰው የሸራው ብርሃን ውስጥ፣ ዝምቴ ዘመኑን ሁሉ ፈትቶ፣ የመጀመሪያውን በመጀመሪያ፣ የኋላውን በኋላ አድርጎ የሚቀጥል ይመስል ነበር።  እጁ ባርኔጣውን አጥብቆ ይዞ ነበር።

«ከዚያስ?» አላት በመጨረሻ። «ካየሽ በኋላ፣ መልሱ ምን ነበር?»

«አሁን የተቀመጥኩበት ነው መልሱ።»

ፊቱን አዞረ። አርጅቷል፤ እሷም አርጅታለች፤ ሁለቱም ይህን በአንድ ጊዜ አዩ፤ ሁለቱም አልደነገጡም። ዳኛውም ዘበኛውም ከሞቱ ቆይቷል፤ ያ የብረት በርም በሌላ ተተክቷል። ከድልድዩ ማዶ የቀረው ጎልማሳ ብቻ፣ በዚህ በተጨማደደ ፊት ውስጥ ሆኖ፣ ሌንሱን እንዳየው አድርጎ አያት።

«የነገው አውቶቡስ ላይ» አለ ዝምቴ፣ ቃላቱን እንደ ባዕድ ዕቃ አንድ በአንድ እያነሣ፣ «ሁለት ወንበር አለኝ። ካሜራውን ጭኔ ላይ ላደርገው እችላለሁ።»

ከእሱ ስትሰማው ከኖረችው ንግግር ሁሉ ይህ ረጅሙ ነበር። ሳቋና ዕንባዋ ተቀዳደሙባት።

«ከባድ ነው» አለችው። «ጉልበትህ ይችለዋል?»

«ይችላል።»

ፊልሙ አልቆ በሸራው ላይ ነጭ ብርሃን ብቻ ቀረ። አዳራሹ በጭብጨባ ተነሣ፤ ኃላፊው ከመድረኩ አቀናባሪዋን እየጠራ ወደ ኋላ ግድግዳ ይመለከት ነበር፤ ሁሉም ወደዚያው ዞረው ባዶ ግድግዳ አዩ። እትዬ መቀስ ተቀምጣ ነበር። ከቆመው ሕዝብ መካከል ከወንበሩ ያልተነሣ ሌላ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እሱም ባርኔጣውን በዚያኛው ጎኑ ባለው ባዶ ቦታ ላይ አኑሮ ነጩን ሸራ ያይ ነበር። እሷም ያንኑ ታይ ነበር። ምንም የሌለበት ብርሃን ነው፤ በሥራዋ ዘመን ሁሉ ቆርጣ የጣለችው። ዛሬ ግን ቶሎ እንዳይጠፋባት ፈራች።